ፊታቸውን የሸፈንንላቸው ሴት

እኔ ለሰው አዛኝ ነኝ። ይህን የምለው በራሴ ግምት አይደለም፤ ማስረጃ አለኝ። ሳሎኔ ውስጥ ከቴሌቪዥኑ በላይ ተሰቅሎ የነበረው የምስክር ወረቀት «ድምፅ ለሌላቸው ድምፅ በመሆንዎ» ይላል፤ ማኅተምም አለው። እንግዳ ሲመጣ ፊት ለፊቱ ያለው ሶፋ ላይ አስቀምጠው ነበር። ካላነበበው ደጋግሜ ወደ ግድግዳው አይ ነበር፤ በመጨረሻ ያነበው ነበር።

ሥራዬ ዘጋቢ ፊልም መሥራት ነው። ከሩቅ ሲያዩት ከባድ ይመስላል እንጂ ቀላል ነው። ችግር ያለበት ሰው ትፈልጋለህ፣ እስኪያለቅስ ድረስ ቀስ እያልክ ትጠይቀዋለህ፣ ሲያለቅስ ካሜራውን ታስጠጋለህ፣ ከዚያ ዋሽንት ትጨምርበታለህ። ዋሽንት የማይገባበት ችግር እስካሁን አላጋጠመኝም። ማየት ለተሳናቸው ሎተሪ አዟሪዎች ገብቷል፤ ያላለቀ ፎቅ ውስጥ ከነቤተሰባቸው ለሚኖሩ ዘበኞችም ገብቷል። አንዱ ዘበኛ እንዲያውም እየሳቀ ሲያወራ ነበር የቀረጽነው። ዋሽንት ስናስገባበት ተመልካቹ በሰውዬው ሳቅ አለቀሰ።

ስለዚህ አንድ ድርጅት ስለ መንገድ ጠራጊ ሴቶች ፊልም ሥራልን ሲለኝ አልደነገጥኩም። ስብሰባው የተደረገው ቦሌ፣ አንድ ፎቅ ላይ ያለ ካፌ ውስጥ ነው፤ ማኪያቶ እየጠጣን በድህነት ላይ በሰፊው ተወያየን። የፕሮጀክት ኃላፊዋ መልካም ሴት ናት። «ተገፍተው የቆዩ የኅብረተሰብ ክፍሎች» የሚለውን በአንድ ትንፋሽ፣ ሳትደናቀፍ ትለዋለች። የፊልሙን ርዕስ ድርጅቱ አስቀድሞ አውጥቶት ነበር፤ «ክብር» እና «ንጋት» የሚሉት ቃላት አሉበት። የጎደለው ሰው ብቻ ነበር።

ሰው ፍለጋ ማለዳ ከካሜራማኔ ጋር ወደ አውሮፕላን ማረፊያው አካባቢ ወጣን። ሻንጣ የጫኑ መኪኖች ይገባሉ፣ ባዶ ታክሲዎች ይወጣሉ፣ ከመንገዱ ዳር ደግሞ ሴቶቹ ይጠርጋሉ። ሰፊ ባርኔጣ አድርገዋል፣ ፊታቸውን ለአቧራው በሻርፕ ጠቅልለውታል፤ ዓይናቸው ብቻ ነው የሚታየው። በእውነቱ አንዷን ከሌላዋ መለየት አልቻልኩም። በኋላ ግን አንዷ ላይ ዓይኔ አረፈ። እኚህ ሴት መጥረግ ከመጀመራቸው በፊት መጥረጊያቸውን የእግረኛ መንገዱ ጠርዝ ላይ ሁለቴ መታ መታ ያደርጋሉ። ትንሽ ሄደው ሲቆሙና እንደገና ሲጀምሩም እንደዚያው። ካሜራማኔን በክርኔ ነካሁትና «ድምፁን ሰማኸው? መክፈቻችንን አገኘን» አልኩት።

ስጠጋቸው ሃምሳ ዓመት የሞላቸው ሴት ናቸው። ስለ ፊልሙ፣ ስለ ክብር፣ ስለ ንጋት አብራራሁላቸው። መጥረጊያቸውን ተደግፈው እስክጨርስ ጠበቁኝ።

«አረብ አገርም ይታያል?» አሉኝ።

«ማዘር፣ የትም ይታያል! ኢንተርኔት ላይ ነው የሚለቀቀው፤ ዓለም በሙሉ ያየዋል» አልኩ አፌን ሞልቼ።

«እንግዲያው ቅረጹኝ።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ ሁላችንም ማዘር እያልን ነበር የምንጠራቸው። እሳቸው ደግሞ ገና በመጀመሪያው ቀን፣ ማንም ሳይጠይቃቸው፣ ለምን እሺ እንዳሉኝ ነገሩኝ። አንዲት ልጅ አለቻቸው፤ አረብ አገር ሰው ቤት ልትሠራ ሄዳለች። ሁለት ዓመት ሙሉ በየሳምንቱ ትደውል ነበር። ከዚያ የእሳቸው ስልክ ታክሲ ውስጥ ተሰረቀ። ሲም ካርዱ የወጣው በልጅቷ ስም ስለነበር ሊያስተኩ ሲሄዱ «ባለቤቷ ትምጣ» ተባሉ። ባለቤቷ እንዳትመጣ ባሕር ማዶ ናት፤ ባሕር ማዶ እንዳይደውሉ ቁጥሯ ያለው የተሰረቀው ስልክ ውስጥ ነው። በዚያው ሰሞን ደግሞ ሰፈራቸው ለልማት ፈረሰ። ጎረቤቱ በየአቅጣጫው ተበተነ፤ እሳቸውም አራብሳ ኮንዶሚኒየም ገቡ።

«እንግዲህ በምን ትፈልገኝ? የድሮ ስልኬ የለ፣ የድሮ ቤቴ የለ፣ የድሮ ጎረቤት የለ፤ አዲሱን ቁጥሬን አታውቀው። የቀረኝ ፊቴ ነው» አሉኝ። ከአራብሳ ድረስ በሁለት ታክሲ እየመጡ ያንን መንገድ የሚጠርጉትም ሌላ መንገድ ጠፍቶ አይደለም። ከአውሮፕላን የሚወርድ ሰው በዚያ ነው የሚያልፈው።

አንጀቴን በላው። እውነቴን ነው። ለካሜራማኔ በሹክሹክታ «ይሄንን ቢደግሙልን እንዴት ጥሩ ነበር» አልኩት።

የቀረጻው ዕለት ማዘር ባዶ ፊታቸውን መጡ። ሻርፕ የለም፣ ባርኔጣ የለም። ሹሩባ ተሠርተዋል፣ የበዓል ቀሚሳቸውን ለብሰዋል፣ ከላይ የጎረቤት ሹራብ ተውሰዋል። እኛ አገር ፎቶ ለመነሳት አምሮ መምጣት ደንብ ነው። ይህን ደንብ የማያውቅ የለም፤ እኔም አውቀዋለሁ፤ የራሴ እናት ለመታወቂያ ፎቶ ፀጉሯን ተሠርታ ነው የምትሄደው። ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ግን ሌላ ፍጡር ነው፤ የሚፈልገው እውነተኛውን ነው። እውነተኛው የቱ እንደሆነ የሚወስነውም እሱ ነው።

«ማዘር፣ በጣም አምሮብዎታል። ግን የሥራ ልብስዎን ቢለብሱልን? ፊትዎንም እንደ ሁልጊዜው ቢሸፍኑት?» አልኳቸው።

«ፊቴንም?»

«ለመጀመሪያው ክፍል ብቻ ነው።»

ለመጀመሪያው ብቻ ካልኩ ምን ይላሉ? ተሸፋፈኑ። ሁለት ሰዓት አስጠረግናቸው። አንዱን ጥግ አራት ጊዜ ነው የጠረጉት፤ በሦስተኛው ላይ አቧራ አልነሳ ብሎን ካሜራማኔ ከግንባታ ቦታ አሸዋ አምጥቶ በተነበት። የመንገድ ጠራጊን ክብር ለማሳየት ለጠረጉት መንገድ አሸዋ ማምጣታችን ለማናችንም አልከበደንም። ማዘር አሸዋውን አዩት፣ እኔን አዩኝ፣ መጥረጊያቸውን ሁለቴ መታ መታ አደረጉና ጠረጉት።

ከዚያ ቃለ መጠይቁ ሆነ። ሻርፑን ፈቱ፣ ፊታቸውን በመዳፋቸው ጠረጉ፣ ወደ እኔ ማየቱን ትተው ቀጥ ብለው ካሜራውን አዩ። አርባ ደቂቃ ተናገሩ። የልጅቷን ስም ተናገሩ፣ ቤት ውስጥ የምትጠራበትን ስም ተናገሩ፣ ቅንድቧ ላይ ስላለው ጠባሳ ተናገሩ፣ የአሁኑን ቤታቸውን ብሎክ ቁጥር ሁለቴ ተናገሩ። እኔ በመሃል እየገባሁ «ማዘር፣ ወደ ሥራዎ ስንመለስ፣ ኅብረተሰቡ ለእናንተ ያለው አመለካከት እንዴት ነው?» እላለሁ። እሳቸው «ደህና ነው» ይሉና ወደ ልጃቸው ይመለሳሉ። አላለቀሱም። ይህም አስከፋኝ።

ሲጨርሱ የስምምነት ፎርሙን አቀረብኩ። ሁለት ሣጥን አለው፤ አንዱ «ማንነቴ ይታይ»፣ ሌላው «ማንነቴ ይሸፈን»። መነጽር ስላልነበራቸው ወረቀቱን አርቀው ሊያነቡ ሞከሩ።

«ተዉት ማዘር፣ እኔ እሞላዋለሁ።»

«ምን ይላል?»

«ክብርዎን እንጠብቃለን ነው የሚለው።»

«እሱስ ጥሩ ነው» አሉና ፈረሙ። «ይሸፈን» የሚለው ላይ ምልክቱን ያደረግኩት እኔ ነኝ፣ በገዛ እጄ። ማንም አላዘዘኝም። ኃላፊዋ ስለ ባለታሪኮች ደኅንነት ሁለት ቀን አሠልጥናን ስለነበር እጄ ብቻውን ሄደ ብል ይሻላል። ማዘርን ከምን እየጠበቅኳቸው እንደሆነ ራሴንም አልጠየቅኩም። ምናልባት ከሚያውቃቸው ሰው ይሆናል።

ኤዲቲንግ ላይ አርባው ደቂቃ ችግር ሆነ። ፊልሙ ስለ ሥራ ክብር ነው፤ ልጅ ፍለጋ ደግሞ ስደት ነው። ለኃላፊዋ ሳሳያት በቅንነት «በጣም ይነካል፤ ግን ስደት የሌላ ክፍል ነው፤ እኛ ከነካነው ቅር ይላቸዋል» አለችኝ። የሌላ ክፍል ሰዎች ቅር እንዳይላቸው የማዘር ልጅ ከፊልሙ ወጣች። ከቃለ መጠይቁ ዘጠና ሰከንድ ቀረ፤ በእሱ ላይ ፊታቸውን ብለር አድርገን አደበዘዝንባቸው። ድምፃቸውም ማንነት ይገልጣል ተባለና አንዲት ተዋናይት ስቱዲዮ ገብታ በእሳቸው ፋንታ አነበበች፤ እሷ አለቀሰችልን። ያልተነካው የመጥረጊያው ድምፅ ብቻ ነው። እሱን የተውኩት ከዋሽንቱ ጋር ስለገጠመ ነው።

የቀረውን ቀረጻ እንደ አሠራራችን አጠፋሁት። ሃርድ ዲስክ ለሚቀጥለው ችግር ባዶ መሆን አለበት።

ፊልሙ የተመረቀው ቦሌ መድኃኔዓለም አካባቢ አንድ ሆቴል አዳራሽ ውስጥ ነው። ማዘርን የጋበዝኳቸው እኔው ነኝ፤ ተመልካች ባለታሪኳን በአካል ሲያይ ጭብጨባው ይረዝማል። ሰዓቱ ደርሶ ሲቀሩ ደወልኩ፤ ለካ በር ላይ ቆመዋል። ያንኑ የበዓል ቀሚስ ለብሰዋል። ጥበቃው «ስምዎ ዝርዝሩ ላይ የለም» ብሏቸዋል። እውነቱን ነው፣ ለደኅንነታቸው ሲባል ስማቸው የትም አልተጻፈም። «ፊልሙ የእኔ ነው» ቢሉት በር ላይ የተለጠፈውን ፖስተር አየ፤ ፖስተሩ ላይ ያለችው ሴት ፊት የላትም። ምን ያድርግ?

አስገባኋቸው። ፊት ረድፍ ላይ ተቀምጠው ፊልሙን አንገታቸውን አስግገው ተመለከቱ። እኔ ደግሞ እሳቸውን ተመለከትኩ። መጀመሪያ ላይ ታጋሽ ነበሩ፤ ለመጀመሪያው ብቻ ብያቸው አልነበር? እየቆየ ወደ ወንበራቸው ጫፍ መጡ። የፊልሙ ሠሪዎች ስሞች ወደ ላይ መውጣት ሲጀምሩም ገና እየጠበቁ ነበር። መብራት በራ፣ ሰዉ ተነስቶ አጨበጨበ። አጠገባቸው ያለች ሴት እንባዋን እየጠረገች «ምስኪን ሴትዮ፣ አሁን የት ትሆን?» ስትላቸው ሰማሁ።

የጥያቄ ጊዜ ሲደርስ እጃቸውን አወጡ። ማይክ ተሰጣቸው።

«ፊቴ የታለ?» አሉ።

ከኋላ ያለው ሰው ማን እንደሆኑ ለማየት ብድግ አለ።

«ልጄ ይሄን ብታይ በምን ታውቀኛለች?»

መድረክ መሪው «እጅግ ጥልቅ ጥያቄ ነው» አለ። ሕዝቡም ጥያቄው ጥልቅ መሆኑን ሲሰማ አጨበጨበ። እኔ ዓይኔን በጨው አጥቤ ተነሳሁና የባለታሪኮቻችንን ክብር መጠበቅ የሁላችንም ግዴታ ስለመሆኑ ተናገርኩ። ማዘር ማይኩን በሁለት እጃቸው ይዘው፣ እንደዚያ ማለዳ እስክጨርስ ጠበቁኝ። ማይኩን መልሰው ተቀመጡ። መክሰስ ሲቀርብ አልነበሩም።

በማግስቱ ደውዬ «ማዘር፣ እናስተካክለዋለን፤ እንደገና እመጣና ብቻዎን እቀርጽዎታለሁ» አልኩ። ከልቤ ነበር። በዚያው ሳምንት ግን ሌላ ድርጅት ስለ ሌሎች የተገፉ ሰዎች ሌላ ሥራ ሰጠኝ። የምስክር ወረቀቱም በመሃል መጣ። አንድ ሁለቴ በዚያ መንገድ በመኪና ሳልፍ ጠራጊዎቹን አየኋቸው። ሁሉም ተሸፋፍነው ስለነበር ማዘር የትኛዋ እንደሆኑ አልለየሁም ብዬ ራሴን አሳመንኩ። መስኮቴ ተዘግቶ ነበር፤ ከፍቼ ብሰማ የመጥረጊያው ድምፅ ይለያቸው ነበር።

ሰባት ወር አለፈ። ድርጅቱ ለሪፖርቱ ከፊልሙ ሥር የተጻፉ ጥሩ ጥሩ አስተያየቶችን ልቀም አለኝ። አንድ ከሰዓት ቤቴ፣ ወረቀቴ ሥር ተቀምጬ፣ ሻይ እየጠጣሁ መልቀም ጀመርኩ። የሚያለቅስ ምልክት፣ የልብ ምልክት፣ «እግዚአብሔር ይባርካችሁ»፣ እንደገና የሚያለቅስ ምልክት። ደስ እያለኝ ወረድኩ። በጣም ወደ ታች፣ ፊልሙ በተለቀቀ በሦስተኛው ቀን የተጻፈ አንድ አስተያየት አገኘሁ። በስሟ አጠገብ የአበባ ፎቶ ያደረገች ሰው ናት የጻፈችው።

«እባካችሁ ይቺ ሴት ማን ናት? ፊቷ አይታይም፣ ድምፁም የሷ አይደለም። ግን መጥረጊያውን ሁለቴ መታ አድርጋ የምትጀምረው እናቴ ናት። ስልኳ አይሠራም። እባካችሁ።»

ከሥሩ መልስ ተሰጥቶበታል። «ለርኅራኄዎ እናመሰግናለን። የባለታሪኳን ክብርና ደኅንነት ለመጠበቅ ሲባል ማንነቷን መግለጽ አንችልም።»

ይህን መልስ ኃላፊዋ አዘጋጅታ ነበር የላከችልኝ፤ ማን ናት ብሎ ለሚጠይቅ ሁሉ እንድለጥፈው። የለጠፍኩት እኔ ነኝ። ሳላነብ ነው የለጠፍኩት፣ ምናልባትም ከአልጋዬ ሳልነሳ። ከእሱ ሥር ልጅቷ አንድ ጊዜ ደግማ ጽፋለች፦

«ልጇ ነኝ እኮ።»

ለዚህኛው ቃል አልመለስኩም። የልብ ምልክት ነው ያስቀመጥኩላት። ከዚያ በኋላ አልጻፈችም።

ሻዩ ቀዘቀዘ። ወዲያው ጻፍኩላት፤ እናትሽ ናት፣ አለች፣ ትፈልግሻለች፣ ይኸው ስልኬ። ጠበቅኩ። መልስ የለም። ቀና ስል ወረቀቱ ድምፅ ለሌላቸው ድምፅ መሆኔን ይነግረኛል። አፈርኩ። የማፍር ሰው አልነበርኩም፤ ያን ቀን ግን አፈርኩ። ወረቀቱን አወረድኩት፤ አራት ማዕዘን ነጭ ግድግዳ ከኋላው ቀረና እሱም አፈጠጠብኝ።

በማግስቱ ጠዋት ሄድኩ። በመንገድ ሙሉ የምለውን እያዘጋጀሁ ነበር። ይቅርታዬ መግቢያ፣ ሐተታና መደምደሚያ ነበረው። መኪናዬን አቁሜ ወረድኩና ቆሜ አዳመጥኩ። መታ፣ መታ። ከአውቶቡስ ማቆሚያው ወዲያ ናቸው።

ሲያዩኝ መጥረጋቸውን አላቆሙም። «ዛሬ ደግሞ አሸዋ ይዘህ መጣህ?» አሉኝ።

«ማዘር፣ ልጅዎ ፊልሙን አይታዋለች።»

መጥረጊያው ቆመ።

ያዘጋጀሁት ሁሉ ጠፋኝ። ከስልኬ ላይ አነበብኩላቸው። እሷ የጻፈችውን፣ እኔ የመለስኩትን፣ እሷ የደገመችውን፣ ያስቀመጥኩላትን የልብ ምልክትም ሳልደብቅ። ማን መለሰ እንዳይሉኝ ቀድሜ «እኔ ነኝ፣ እኔው ነኝ የመለስኩት» አልኩ። ትናንት እንደጻፍኩላትና እንዳልመለሰች ጨምሬ ነገርኳቸው። ከዚያ አቀርቅሬ የሚወርድብኝን ጠበቅኩ።

«መቼ ነው የጻፈችው?»

«ሰባት ወር ይሆነዋል።»

«ሰባት ወር?» አሉ። «ሰባት ወር ብቻ?» እጃቸውን ደረታቸው ላይ አደረጉ። «በሕይወት አለቻ! አራት ዓመቴ እኮ ነው አንተ ልጅ! አራት ዓመት ሙሉ አለች ይሁን የለችም ሳላውቅ! አለቻ! መጥረጊያዬን አወቀችው፣ አየህ፣ አወቀችኝ!»

ሌሎቹ ጠራጊዎች ቀና አሉ። አንዷ ከማዶ «ምን ሆንሽ?» ብላ ጮኸች። «ልጄ አለች!» አሉ ማዘር በመንገዱ ሙሉ። እኔ አለቀስኩ። ዋሽንት አልነበረም።

«አትንፋረቅብኝ» አሉኝ። «አንተን በኋላ ረጋ ብዬ ነው የምቀየምህ። አሁን ቅረጸኝ።»

ባርኔጣውን አወለቁ፣ ሻርፑን ፈትተው ትከሻቸው ላይ ጣሉት፣ ፀጉራቸውን በእጃቸው አስተካከሉ። እኔ ስልኬን አወጣሁና፣ ልማድ ክፉ ነው፣ «ማዘር፣ ፀሐይዋ ትንሽ ከፍ እስክትል» አልኩ።

«ፀሐይዋን ተዋት።»

ተውኳት። ማዘር መጥረጊያቸውን አንስተው የእግረኛ መንገዱ ጠርዝ ላይ ሁለቴ መታ መታ አደረጉ። ከዚያ ስልኩን ቀጥ ብለው አይተው ልጃቸውን ቤት ውስጥ በምትጠራበት ስም ጠሯት። የብሎኩን ቁጥር ሁለቴ ነገሯት። ከኋላቸው ሻንጣ የጫነ ታክሲ ጥሩምባውን እየነፋ አለፈ፤ አላስደገምኳቸውም። አንዴም አላቋረጥኳቸውም።

ሲጨርሱ ወደ እኔ መጡ።

«ፊቴ አለ?» አሉኝ።

ስልኩን አዙሬ አሳየኋቸው።